ይድረስ ለአዘጋጁ፦ የኅዳሩን ፉትቦል ድጋሚ ለሚፈልግ ቀኑ ይቅደምለት

ለተከበሩ የጋዜጣው አዘጋጅ፣

የስፖርት ገጻችሁ የአሜሪካን የኮሌጅ ፉትቦል (የዩኒቨርሲቲ ቡድኖች የሚጫወቱትን፣ ኳስ በእጅ ተይዞ የሚሮጥበትን) ውጤት አልፎ አልፎ ማውጣቱ ደስ ብሎናል። ደሴ፣ ኮምቦልቻ፣ ሐይቅና ወልዲያ ውስጥ ልጁ ወይም እህቱ ኮሎምበስ ኦሃዮ የምትኖርለት ቤተሰብ አለ፤ ኅዳር ሲጋመስ ከዚያ የሚደወለው ስልክ ከጤና ይስጥልኝ ቀጥሎ የሚያነሳው ኦሃዮ ስቴትና ሚሺጋንን ነው። እ.ኤ.አ. በ1897 የተጀመረ ፉክክር ነው። የሸገር ደርቢን የሚያውቅ ሰው ስሜቱን ለመረዳት አይቸገርም። ጨዋታው ያመለጠው ሰው ግን ድጋሚውን ፍለጋ ገብቶ ሌሊቱን ሙሉ ዳታውን ጨርሶ፣ ያገኘውም ሌላ ጨዋታ ሆኖበት ይነሳል። ኔትወርኩን እንወቅሳለን እንጂ ብዙውን ጊዜ የሚያሳስተን ቀኑ ነው። በዚህ ደግሞ ጋዜጣችሁ ሊረዳን ስለሚችል ነው የጻፍነው።

አንድ ምሳሌ ይበቃል። ኅዳር 21 ቀን 2017 ዓ.ም፣ በኅዳር ጽዮን ዕለት፣ ሚሺጋን ኮሎምበስ ድረስ ሄዶ ኦሃዮ ስቴትን 13 ለ 10 አሸነፈ። ይህን በጋዜጣ ያነበበ ሰው የሁለቱን ቡድኖች ስም ጽፎ ከጎኑ 2017 ብሎ ቢፈልግ የሚመጣለት ሌላ ጨዋታ ነው፤ በሚሺጋን ሜዳ፣ አን አርበር ከተማ ላይ ኦሃዮ ስቴት 31 ለ 20 ያሸነፈበት። የሰባት ዓመት ልዩነት አለ። ሰውየው ሦስት ሰዓት ተኩል ተመልክቶ ጋዜጣው ተሳስቷል ብሎ ይደመድማል። መጻፍ የነበረበት 2024 ነው።

ስሌቱ ከባድ አይደለም። ከመስከረም 1 እስከ ታኅሣሥ 22 ገደማ ለተደረገ ጨዋታ በእኛ ዓመት ላይ 7 ይደመራል፤ ከዚያ በኋላ ለተደረገው 8። የውድድር ዘመኑ የሚከፈተው ነሐሴ መጨረሻ ላይ ስለሆነ፣ የነሐሴና የጳጉሜን ጨዋታዎችም በ8 ነው የሚሰሉት። እዚህ ላይ ብዙ ሰው የሚወድቅበት ሌላ ጉድጓድ አለ፤ እነሱ የውድድር ዘመንን የሚጠሩት በተጀመረበት ዓመት ነው። ኦሃዮ ስቴት ኖትር ዳምን 34 ለ 23 አሸንፎ ዋንጫ ያነሳው እ.ኤ.አ. ጃንዋሪ 20 ቀን 2025 ሲሆን፣ የተመዘገበው ግን የ2024 ዋንጫ ተብሎ ነው። ጨዋታው እዚያ ሰኞ ማታ የተጀመረ በመሆኑ በእኛ ማክሰኞ ጥር 13 ሊነጋ ሲል፣ ከሌሊቱ 9 ሰዓት ተኩል ገደማ ነበር። የማታ ጨዋታ የሚፈልግ ሰው በእኛ አቆጣጠር አንድ ቀን እንደሚዘልበት ያስብ።

የኦሃዮና የሚሺጋን ጨዋታ ብዙውን ጊዜ ቀትር ላይ ስለሚጀመር ቀኑ አይዘልም። በኮሎምበስ ቀትር ማለት በኅዳር ደሴ ላይ ከምሽቱ 2 ሰዓት ነው። በጥቅምት ግን ሰዓታቸው ቀደም ብሎ በማርች ወደፊት እንደዞረ ስለሚቆይ ልዩነቱ ከስምንት ወደ ሰባት ይወርዳል፤ እዚያ ቀትር የሚጀመረው እኛ ጋ 1 ሰዓት ላይ ነው። ሰዓቱን የሚመልሱት በኖቬምበር የመጀመሪያው እሑድ ነው።

ከ2010 እ.ኤ.አ. ወዲህ (ከዚህ በኋላ ዓ.ም ያላልንበት ዓመት ሁሉ የፈረንጁ ነው) ጨዋታው የሚውለው ታንክስጊቪንግ ከሚሉት የሐሙስ በዓል ቀጥሎ ባለው ቅዳሜ ነው፤ በእኛ ከኅዳር 14 እስከ 21 ባለው ውስጥ ያርፋል። ከዚያ በፊት ባሉት ዓመታት ቀደም ይል ነበር። ለምሳሌ አንደኛና ሁለተኛ ደረጃ ይዘው የተገናኙበትና ኦሃዮ ስቴት 42 ለ 39 ያሸነፈበት የ2006 ጨዋታ ኅዳር 9 ቀን 1999 ዓ.ም ነው የተደረገው። የ2020ው በኮቪድ ምክንያት ተሰርዟል፤ በዚያ ዓመት ስም ሙሉ ጨዋታ ተብሎ የተጫነ ካለ ሐሰት ነው።

ቀኑ ከታወቀ በኋላ ቀጣዩ ጥያቄ ማን አስተላለፈው የሚለው ነው፤ ድጋሚው የሚገኘው መጀመሪያ ባስተላለፈው ዘንድ ነውና። ይህን ጨዋታ ከ2017 ጀምሮ የሚያስተላልፈው ፎክስ ነው። ሁለት ጊዜ ተጨማሪ ሰዓት የተገባበትን፣ 30 ለ 27 ያለቀውን የ2016ን ጨዋታ ያስተላለፈው ግን ኤቢሲ ስለሆነ ፎክስ ዘንድ መፈለግ ድካም ነው። የአላባማና የኦበርን ዩኒቨርሲቲዎችን ጨዋታ የሚወድም አለ፤ ኦበርን በመጨረሻዋ ሰከንድ አላባማ መትቶ ያልገባችለትን ኳስ ሜዳውን አቋርጦ ይዞ በመሮጥ 34 ለ 28 ያሸነፈበት የ2013 ጨዋታ የሲቢኤስ ነበር። ከ2024 ወዲህ ሁለቱ ያሉበት ሊግ (ኤስኢሲ) ጨዋታዎች ወደ ኤቢሲና ኢኤስፒኤን ዞረዋል። ኦሃዮ ስቴትና ሚሺጋን ያሉበት የቢግ ቴን ሊግ ደግሞ ከ2023 ጀምሮ በፎክስ፣ በሲቢኤስና በኤንቢሲ መካከል ተከፋፍሏል።

እዚህ ወሎ ላይ ተቀምጦ ከእነዚህ ውስጥ የሚደረስበት የትኛው ነው? የፎክስና የኢኤስፒኤን መተግበሪያዎች ሙሉ ድጋሚ አላቸው፤ ነገር ግን የአሜሪካ ደንበኝነትና አሜሪካ ውስጥ መገኘትን ይጠይቃሉ። ኮሎምበስ ያለ ዘመድ የይለፍ ቃሉን ቢልክም ከደሴ ሲሞከር የሚመጣው ጥቁር ገጽ ነው፤ መብቱ የተሸጠው በየአገሩ ተከፋፍሎ ነውና። ቪፒኤን ደንበኝነት አይሆንም፤ ኔትወርኩንም ያዘገየዋል፤ ከአገልግሎቱ ውልም ጋር ያጋጫል። ዘመድን ማስቸገር ካለብን የሚሻለው የጨዋታውን ትክክለኛ ቀንና ያስተላለፈውን ጣቢያ ስም ጠይቆ መያዝ ነው።

በነጻ የሚገኘው በዩቲዩብ ላይ የፎክስ የኮሌጅ ፉትቦል፣ የቢግ ቴንና የኢኤስፒኤን የኮሌጅ ፉትቦል ኦፊሴላዊ ቻናሎች የሚጭኑት አጭር ቅንብር ነው፤ ብዙውን ጊዜ ከአሥር እስከ ሃያ ደቂቃ። ሲፈለግ የቡድኖቹ ስም በላቲን ፊደል መጻፍ አለበት። ፉትቦል የሚለውን ቃል ብቻውን ብንጽፈው እኛ አገር የሚያመጣልን ማንቸስተርንና አርሰናልን ነው፤ የሁለቱን ዩኒቨርሲቲዎች ስም፣ የፈረንጁን ዓመትና ሙሉ ጨዋታ የሚለውን በእንግሊዝኛ ብንጨምርበት ግን ይጠራል። ቪዲዮው በእርስዎ አገር አይገኝም ካለ ደጋግሞ መክፈት ዋጋ የለውም፤ ባለቤቱ ነው የዘጋው። በዚያን ጊዜ የዚያኑ ጨዋታ ቅንብር በሌላኛው ኦፊሴላዊ ቻናል መሞከር ነው።

አሁን ስለ ሐሰተኞቹ፤ ሰው የሚጎዳው እዚህ ላይ ነውና ሰፋ አድርገን እንጻፍ።

ሙሉ ጨዋታ ተብሎ ሦስት ሰዓት የሚረዝም ቪዲዮ ሲታይ መጀመሪያ የተጫነበት ቀን ይታይ። ከጨዋታው ቀን በፊት የተጫነ ከሆነ የኮምፒውተር ጌም ወይም ሌላ ጨዋታ ነው። በተለይ ሐምሌ 2016 ዓ.ም አዲሱ የኮሌጅ ፉትቦል ጌም ከወጣ ወዲህ ምስሉ ከእውነተኛው ጋር ስለሚቀራረብ በትንሽ ስልክ ላይ መለየት ያስቸግራል። ሁለተኛው ምልክት ማልያ ነው። እ.ኤ.አ. በሙሉ ቁጥር በሚያልቁ ዓመታት (2016፣ 2018፣ 2022፣ 2024) ጨዋታው ኮሎምበስ ላይ፣ በጎዶሎዎቹ አን አርበር ላይ ነው። በእኛ አቆጣጠር ሲሆን ይህ ይገለበጣል። ባለሜዳው ደማቅ ማልያ ይለብሳል፣ እንግዳው ነጭ። ስለዚህ 2023 በተባለ ቪዲዮ ውስጥ ኦሃዮ ስቴት ቀይ ለብሶ ከታየ ዓመቱ ተሳስቷል ወይም ጨዋታው ሌላ ነው። ሚሺጋን የራስ ቁሩ ላይ ቢጫ ክንፍ የመሰለ ቅርጽ አለው፤ ኦሃዮ ስቴት ብርማ የራስ ቁር ነው የሚያደርገው፣ የውድድር ዘመኑ እየገፋ ሲሄድም ትናንሽ የቅጠል ምልክቶች ይለጠፉበታል።

የማልያ ቁጥሩ ወደ ኋላ የሚነበብ፣ ምስሉ በጣም የተጠጋ፣ ድምፁ የቀጠነ ቪዲዮ ካጋጠመ ደግሞ ዩቲዩብ የባለቤትነት ጥያቄ ያለበትን ምስል ለይቶ እንዳያነሳው ሆን ተብሎ የተበላሸ ነው። ብዙ ጊዜ አይቆይም፤ ሦስተኛው ሩብ (ኳርተር) ላይ ሳንደርስ ሊነሳ ይችላል። ምስሉ ቀርቶ ሰዎች ብቻ የሚያወሩበትም አለ፤ ጨዋታውን እያዩ የሚጮኹ ደጋፊዎች ናቸው፣ ማጭበርበር ባይሆንም የምንፈልገው እሱ አይደለም።

ከሁሉም የሚከፋው ግን ለመመልከት ይህን ተጫኑ፣ ማጫወቻ አውርዱ፣ ነጻ አባል ለመሆን የባንክ ካርድ አስገቡ የሚለው ነው። ከመተግበሪያ መደብር ውጭ የሚወርድ ፋይል አጭር የጽሑፍ መልእክት የማንበብ ፈቃድ ከጠየቀ ወዲያው ይጥፋ፤ የቴሌብርም ሆነ የባንክ ማረጋገጫ ቁጥር የሚመጣው በዚያው መልእክት ነው። ፉትቦል ለማየት መልእክት ማንበብ የሚያስፈልገው መተግበሪያ የለም። በተለይ ስልካቸውን ለልጅ አቀብለው ክፈትልኝ የሚሉ አባቶችና እናቶች ይህን እንዲያውቁት እንፈልጋለን።

ስለ ዳታ። በሰከንድ 1 ሜጋቢት የሚወስድ ቪዲዮ በሰዓት 450 ሜጋባይት ይበላል። 360 የሚባለው የምስል ጥራት በግምት 0.7 ሜጋቢት ስለሚወስድ ሦስት ሰዓት ተኩል ወደ 1.1 ጊጋባይት ይሆናል። 720ው፣ በሰከንድ 60 ምስል ሲሆን፣ ወደ 3 ሜጋቢት ይጠጋል፤ ያ ማለት 4.7 ጊጋባይት ነው። ዩቲዩብ ጥራቱን ራሱ እንዲመርጥ ከተተወ ኔትወርኩ ጥሩ በሆነበት ሰዓት ሳናውቀው ወደ ላይ ይወጣል፤ በእጅ 360 ላይ ማሰር ያስፈልጋል። በ360 ኳሷ ትደበዝዛለች፣ ቁጥሮቹ ግን ይነበባሉ። የጨዋታው ሰዓት በራሱ 60 ደቂቃ ብቻ መሆኑን ማወቅም ይጠቅማል፤ ኳስ ከቆመችበት እስከምትነሳበት አሥር አሥር ሰከንድ እየዘለሉ ቢያዩት ከጊዜው ብዙው ይቆጠባል።

ዲኤስቲቪ ያለው ቤት የኢኤስፒኤንን የፕሮግራም ዝርዝር ከሐሙስ ጀምሮ ይመልከት፤ በመቅጃ ዲኮደር መቅዳት ከፈለገ ከጨዋታው ቀጥሎ ያለውን ፕሮግራምም አብሮ ይቅዳ። ፕሮግራሙ ላይ የሚመደበው ሰዓት ተጨማሪ ሰዓትን አያስብም። በዚህ ጨዋታ ተጨማሪ ሰዓት ገደብ የለውም፤ አንዱ እስኪያሸንፍ ድረስ ሁለቱም ከ25 ያርድ መስመር ተራ በተራ ያጠቃሉ፣ ከ2021 ወዲህ ደግሞ ከሦስተኛው ዙር ጀምሮ በሁለት ነጥብ ሙከራ (ከግቡ መስመር አጠገብ በአንድ ጥቃት ሁለት ነጥብ ለማግኘት በመሞከር) ብቻ ይለያያሉ። መብራት ከሄደ ቅጂው እዚያው ይቆረጣል፤ ዲኮደሩን ከባትሪ ወይም ከዩፒኤስ ጋር ማገናኘት ዋጋው የሚያስቆጭ አይደለም።

ውጤቱን ሳያውቅ ማየት የሚፈልግ ሰው ቪዲዮውን ሌላ ሰው ይክፈትለት፤ የቪዲዮው ፊት ምስል ራሱ ብዙ ጊዜ ውጤቱን ይናገራል፣ ርዝመቱም ከአራት ሰዓት ካለፈ ተጨማሪ ሰዓት እንደነበር ሊያሳብቅ ይችላል።

የጥንቶቹን የሚፈልግ በሌላ በር ይግባ። የሚሺጋን ዩኒቨርሲቲ ቤንትሌይ የታሪክ ቤተ መጻሕፍትና የኦሃዮ ስቴት ዩኒቨርሲቲ መዝገብ ቤት የቀድሞ ጨዋታዎችን ፊልም ይዘዋል። ብዙው ተንታኝ የሌለው፣ ድምፅ አልባ ነው። ኅዳር 16 ቀን 1943 ዓ.ም በበረዶ አውሎ ነፋስ ውስጥ ተጫውተው ሚሺጋን 9 ለ 3 ያሸነፈበትን ጨዋታ የሚፈልግ ሰው ሙሉ ስርጭት አይጠብቅ፤ የሚገኘው ቁርጥራጭ ነው፣ ግን ሜዳው ነጭ ለብሶ መስመሩ ሲጠፋ ማየት በራሱ ያስደንቃል። የውጤት ዝርዝሮች እርስ በርስ ሲጣረሱ ደግሞ የ2010ው የኦሃዮ ስቴት ድል በኋላ መሰረዙ ይታወስ። ጨዋታው ግን ተደርጓል፤ ቪዲዮው ቢገኝ ሐሰት አይደለም።

ስለዚህ ጥያቄያችን ይህ ነው። የእነዚህን ጨዋታዎች ውጤት ስታወጡ ከእኛ ቀን አጠገብ የፈረንጁን ቀንና ዓመት፣ የተደረገበትን ከተማና ያስተላለፈውን ጣቢያ አንድ መስመር ጨምሩልን። ለምሳሌ እንዲህ፦ «ኅዳር 15 ቀን 2016 ዓ.ም (እ.ኤ.አ. ኖቬምበር 25 ቀን 2023)፣ አን አርበር፣ ፎክስ፣ ሚሺጋን 30 ኦሃዮ ስቴት 24»። ቦታ ካጠበባችሁ ሐተታው ይጠር። የሚቻል ከሆነም ውጤቱን ርዕስ ላይ አታድርጉት፤ ድጋሚውን እሑድ ከቡና በኋላ ለማየት ያስቀመጠ ሰው ጋዜጣውን ገና ሲገዛ እንዳያነበው።

ከአክብሮት ጋር፣
በደሴና በኮምቦልቻ የምንኖር የኮሌጅ ፉትቦል ተከታታዮች