የዛገ ቧንቧ መለጠፍ ለምን አቆምን? ለደንበኞቻችን የተላከ ደብዳቤ

ውድ ደንበኞቻችን፣

ካለፈው ወር ጀምሮ ባረጀ የብረት ቧንቧ ላይ ክላምፕ፣ ማለትም ቀዳዳ የሚደፍን ባለ ጎማ የብረት ማሰሪያ፣ ማሰር አቁመናል። ቧንቧው ዕድሜውን ከጨረሰ የተጎዳውን መስመር ከመገጣጠሚያ እስከ መገጣጠሚያ አውጥተን በአዲስ እንተካለን እንጂ ቀዳዳውን ብቻ ደፍነን አንሄድም። ቀድሞ በነጻ እናደርገው የነበረውን ፍተሻም በክፍያ አድርገነዋል። ብዙዎቻችሁ በዚህ እንደተቀየማችሁ አውቃለሁ። አንዳንዶቻችሁ ደውላችሁ ነግራችሁኛል፤ ሌሎቻችሁ ደግሞ ምንም ሳትሉ ሌላ ባለሙያ ጠርታችኋል። እውነቱን ለመናገር ከቁጣው ይልቅ ዝምታው አሞኛል።

ይቅርታ የምጠይቅበት ነገር አለ። ለውጡን አስቀድመን በጽሑፍ ማሳወቅ ሲገባን ሠራተኞቻችን በራችሁ ላይ ቆመው እንዲነግሯችሁ አደረግን። ጉድጓድ አስቆፍራችሁ ከጠበቃችሁን በኋላ "አንለጥፍም" የተባላችሁ ቤተሰቦች ሁለት ቀን ያለ ውሃ አሳልፋችኋል። ጥፋቱ የእኔ ነው፤ ይቅርታ አድርጉልኝ። ውሳኔውን ግን አልለውጠውም። ለምን እንደማልለውጠው በቅጡ ላስረዳችሁ።

ከሁሉም የከነከነኝ የአንድ የረጅም ጊዜ ደንበኛችን ንግግር ነው። "ድሮ በአንድ ክላምፕ ትጨርሱት የነበረውን ዛሬ አሥራ ሁለት ሜትር ካልቀየርን ትላላችሁ። ገንዘብ ለምዳችሁ ነው" አሉኝ። እኚህን ሰው አከብራቸዋለሁ። የበኩር ልጃቸው ሳትወለድ ጀምሮ የቤታቸውን ውሃ የምንከታተለው እኛ ነን። ስለዚህ መልሴን ከእሳቸው ግቢ እጀምራለሁ።

በዚያ ቀን ጉድጓዱ ውስጥ የገባሁት እኔ ራሴ ነበርኩ። አፈሩን በእጄ ጠርጌ ቧንቧውን ሳጋልጠው፣ ከአንድ ክንድ በማይበልጥ ርዝመት ላይ አራት ክላምፖች ታስረው አገኘሁ። አራቱንም ያሰርናቸው እኛ ነን። የአንደኛው ጎማ ደርቆ እንደ ዛፍ ቅርፊት ይፈረፈራል፤ የሁለተኛው ብሎን ዝጎ ከቧንቧው ጋር አንድ ሆኗል። አዲሱ ቀዳዳ የተከፈተው በሦስተኛውና በአራተኛው መካከል ነው፤ አምስተኛ ልሰር ብል የቀረልኝ ቦታ ሁለት ጣት ብቻ ነበር። ቁራጩን በመጋዝ ቆርጬ ወደ ብርሃን አዞርኩት። ባለ አንድ ኢንች ቧንቧ ነው፤ ውስጡ ግን በዝገት ጓል ተደፍኖ ስክሪብቶ እንኳ በጭንቅ ያሳልፋል። እዚያው ቆሜ አፈርኩ። አራት ጊዜ ገንዘብ ተቀብለን የሠራንላቸው ሥራ ውሃ ቅዳ ውሃ መልስ ነበር።

የጋልቫናይዝድ ቧንቧ ብረቱን የሚሸፍን ስስ የዚንክ ልባስ አለው። ዚንኩ ብረቱን የሚጠብቀው ራሱ ቀድሞ በመበላት ነው። ዚንኩ ሲያልቅ ተራው የብረቱ ይሆናል። ዝገቱ ወደ ውስጥ እያበጠ ያድጋል፤ ከእብጠቱ ሥር ግን ግድግዳው እየሳሳ ይሄዳል። ከውጭ ያየነው ቀዳዳ የበሽታው መጀመሪያ ሳይሆን መጨረሻው ነው። ከቀዳዳው ግራና ቀኝ ያለው ብረትም በአንድ ቀን የተቀበረ፣ አንድ ዓይነት ውሃ ያለፈበት፣ በአንድ አፈር ውስጥ የኖረ ነው። እኛ አንዱን ቦታ ስንደፍነው በዚያ ያመልጥ የነበረው ውሃ መውጫ ያጣና ግፊቱ ከፍ ይላል። ግፊት ደግሞ የሳሳ ቦታ አያጣም።

ውሃ በፈረቃ የሚደርሳቸው ቤቶች ላይ ነገሩ ይከፋል። ውሃው ተቋርጦ ሲመለስ በባዶው መስመር ውስጥ የቀረውን አየር እየገፋ ይመጣና የቧንቧው መታጠፊያ (ክርኑ) ጋ ሲደርስ ይመታዋል። ሌሊት ግድግዳ ውስጥ "ዷ!" የሚል ድምፅ የሰማችሁ ካላችሁ ያ ምቱ ነው። ከምቱ የባሰው ግን ውሃው ሲቋረጥ የሚሆነው ነው። ቀዳዳ ውሃ የሚያስወጣ ብቻ አይምሰላችሁ። መስመሩ ባዶ ሲሆን ያው ቀዳዳ በዙሪያው ያለውን እርጥበት ወደ ውስጥ ይስባል፤ በአጠገቡ የፍሳሽ መስመር ካለ ምን እንደሚስብ ልንገራችሁ አልፈልግም። የዓለም ጤና ድርጅት ውሃው ቤት እስኪደርስ ድረስ በሊትር ቢያንስ 0.2 ሚሊግራም ጀርም የሚገድል ክሎሪን ይዞ መገኘት አለበት የሚለው ከማጣሪያው በኋላ ያለው መንገድ አስተማማኝ ስላልሆነ ነው። እኔ ደግሞ የመንገዱ መጨረሻ ላይ የቆምኩ ሰው ነኝ። ልጆቻችሁ የሚጠጡበትን ቧንቧ በጎማ ጠቅልዬ "ደህና ነው" ማለት ከአሁን በኋላ አልችልም።

"እናንተ ከነካካችሁት በኋላ ውሃው ቀይ ሆነ" ብላችሁ የተቆጣችሁም አላችሁ። ልክ ናችሁ፣ ሆኗል። ቀዩ ቀለም ግን እኛ የጨመርነው አይደለም፤ ውሃው ቆሞ እንደገና ሲለቀቅ ከቧንቧው ግድግዳ የተላቀቀ የቆየ ዝገት ነው። በቧንቧ ግድግዳ ላይ የተጋገረው ነገር ሲታወክ ምን እንደሚያስከትል ዓለም ያየው በአሜሪካ ሚሺጋን ግዛት፣ ፍሊንት በምትባል ከተማ ነው። ከተማዋ እ.ኤ.አ. በ2014 ወጪ ለመቀነስ ብላ ውሃዋን ከፍሊንት ወንዝ መውሰድ ጀመረች፤ ውሃው ቧንቧውን እንዳይበላ የሚከላከለውን ኬሚካል ግን አልጨመረችም። በአሮጌዎቹ ቧንቧዎች ውስጥ የነበረው መከላከያ ሽፋን ተነሣና እርሳስ የተባለው ብረት ወደ መጠጥ ውሃው ገባ። እርሳስ የልጆችን አእምሮ የሚጎዳ መርዝ ነው። በሀብታም አገር፣ ወደ መቶ ሺህ የሚጠጋ ሕዝብ በሚኖርባት ከተማ የሆነ ነው። የተቆጠበው ገንዘብ ከደረሰው ጉዳት ጋር የሚወዳደር አልነበረም። እኔ ይህን ታሪክ ካነበብኩ ወዲህ "ለጊዜው ይሁን" የሚለው ቃል ከአፌ አይወጣልኝም።

ሌላው የሰማሁት ቅሬታ "ከተማው ራሱ እየለጠፈ ይኖራል፤ እናንተ ማን ናችሁ?" የሚል ነው። እውነት ነው፣ ከተሞች እየለጠፉ ይኖራሉ፤ ዋጋውንም እየከፈሉ ነው። እ.ኤ.አ. በ2019 የወጣ አንድ የባለሙያዎች ግምት በዓለም ዙሪያ ተጣርቶ ከተሰራጨ በኋላ ሒሳብ ሳይከፈልበት የሚጠፋውን ውሃ በዓመት 126 ቢሊዮን ሜትር ኩብ ያደርሰዋል። ከፊሉ በስርቆትና በተበላሸ ቆጣሪ የሚጠፋ ነው፤ አብዛኛው ግን መሬት ውስጥ የሚፈስ ነው። ተስቦ፣ ተጣርቶ፣ ክሎሪን ተጨምሮበት፣ በኤሌክትሪክ ተገፍቶ ከመጣ በኋላ አፈር የሚጠጣው ውሃ ነው።

በሌላ መንገድ የሄዱም አሉ። ቶኪዮ እ.ኤ.አ. በ1950ዎቹ አጋማሽ ከምታሰራጨው ውሃ 20 በመቶ ያህሉ ከቧንቧ እየፈሰሰ ይጠፋባት ነበር። ተአምር አልሠራችም። ወደ ቤት የሚገቡትን የእርሳስ ቧንቧዎች በማይዝግ ብረት እየቀየረች፣ ሠራተኞቿ ሌሊት ሌሊት የማዳመጫ ዘንግ መንገዱ ላይ ተክለው የሚፈሰውን እያዳመጡ፣ ብክነቱን ወደ 3 በመቶ ገደማ አወረደችው። አሥርት ዓመታት ፈጅቶባታል። የቧንቧ ሥራ ሪባን የሚቆረጥለት ሥራ አይደለም፤ ግድብ ሲመረቅ ሁሉም ያያል፣ የተቀየረ ቧንቧ ግን ተመልሶ ይቀበራል። በየትኛውም ከተማ በጀት ሲታጠፍ ቀድሞ የሚታጠፈው የእኛ ሥራ የሆነው ለዚህ ይመስለኛል።

የማዳመጫውን ዘንግ ነገር ካነሣሁ አይቀር፣ ሙያውን ያስተማረኝ አባቴ ነው። መሣሪያ ሳይኖረን በእንጨት ዘንግ ነበር የሚያዳምጠው። አንዱን ጫፍ ቫልቩ ላይ፣ ሌላውን ጆሮው ላይ አድርጎ ዓይኑን ይጨፍናል። እኔ ፋኖስ ይዤ አጠገቡ እቆማለሁ። "ዝም በል፣ እያወራ ነው" ይለኝ ነበር። የሚያወራው ውሃው ነው። ባለ 3 ሚሊሜትር ቀዳዳ በ5 ባር ግፊት በቀን ከ10 ሺህ ሊትር በላይ እንደሚያፈስ ሒሳቡን የሠራሁት ካደግሁ በኋላ ነው፤ አባቴ ግን ሒሳቡን ሳያውቅ በድምፁ ብቻ ይህ ብዙ ነው፣ ይህ ጥቂት ነው ይል ነበር። ነጻ ፍተሻ የጀመረውም እሱ ነው። ያንን ማቋረጥ ለእኔ ቀላል ይመስላችኋል?

ያቋረጥኩት ስለማልችል ነው። ዛሬ ፍተሻ የምናደርገው በኤሌክትሮኒክ ማዳመጫና በግፊት መለኪያ ነው፤ ሁለት ሰው ግማሽ ቀን ይወስድበታል። በአሮጌው ፋንታ የምንዘረጋው የፕላስቲክ ቧንቧ የሚሠራው ከነዳጅ ዘይትና ከጋዝ ተዋጽኦ ስለሆነ የነዳጅ ዋጋ በወጣ ቁጥር የቧንቧውም ዋጋ ይከተላል። ሦስት ዓመት ያስተማርናቸው ልጆች የተሻለ ደመወዝ ሲያገኙ ይሄዳሉ፤ ይሂዱ፣ አልፈርድባቸውም። ለቀሩት ግን ደመወዝ ሳልጨምር የሰው ግቢ ውስጥ በእምነት ላሰማራቸው አልችልም። ባለፉት ሁለት ዓመታት የፍተሻውን ወጪ የሸፈንነው ከጥገናው ገቢ ነው። ይህ ማለት ደግሞ ቧንቧችሁ ቶሎ ቶሎ ቢበላሽ ለእኛ የሚጠቅም ሆነ ማለት ነው። ድርጅቴ በእናንተ ጉዳት እንዲኖር አልፈልግም። ፍተሻው ራሱን ከቻለ "ቧንቧችሁ ደህና ነው፣ ምንም አትንኩት" ብለን በኩራት መውጣት እንችላለን።

በአንዳንድ ቤቶች ከመስመር ለውጡ ጋር የግፊት መቀነሻ እንዲገጠም ለምን እንደምንጠይቅም ጠይቃችሁናል። ግፊት ሲቀንስ ከቀዳዳ የሚፈሰውም ይቀንሳል፣ ቧንቧም ዕድሜ ያገኛል። የደቡብ አፍሪካዋ ኬፕ ታውን እ.ኤ.አ. በ2018 ግድቦቿ ሊደርቁ ተቃርበው ለእያንዳንዱ ነዋሪ በቀን 50 ሊትር ብቻ በተፈቀደበት ወቅት፣ ከተጠቀመችባቸው መላዎች አንዱ በመስመሮቿ ላይ ያለውን ግፊት ማውረድ ነበር። ሻወሩ ትንሽ ለስለስ ይላል፤ ከዚያ ያለፈ ነገር አታጡም።

አሁን ወደ እናንተ ልመለስ። ሁሉም ሰው ሙሉ መስመር የሚቀይርበት ገንዘብ በአንድ ጊዜ እንደማይኖረው አውቃለሁ። ስለዚህ ክፍያውን በሦስት ጊዜ መክፈል ትችላላችሁ፤ ወለድ የለውም፣ ውላችሁም ፊርማችሁ ብቻ ነው። ቧንቧ በድንገት ፈንድቶ ግቢው በውሃ ከተሞላ በሌሊትም ቢሆን መጥተን ውሃውን እናቆማለን። ያን ጊዜ ክላምፕ ብናስር እንኳ ለ30 ቀን ብቻ እንደሆነ ጽፈን እንሰጣችኋለን፤ የክላምፑንም ዋጋ ከመስመር ለውጡ ሒሳብ ላይ እንቀንሳለን። አቅም ለሌላቸው አረጋውያን ደንበኞቻችን ፍተሻ እንደ ድሮው በነጻ ነው። ይህን አባቴም ቢኖር አይቀንሰውም ነበር።

እኛን ከመጥራታችሁ በፊት ራሳችሁ ልታዩት የምትችሉት ነገርም አለ። ውሃ በማይቋረጥበት ሌሊት፣ ከመተኛታችሁ በፊት የቤቱን ቧንቧ ሁሉ ዝጉ፤ ታንከር ካላችሁ ሞልቶ መቆሙን አረጋግጡ። ከዚያ የቆጣሪውን ቁጥር እስከ መጨረሻዋ ቀይ አሃዝ ድረስ ጻፉት። ጠዋት ማንም ውሃ ሳይከፍት ተመልሳችሁ እዩት። ቁጥሩ ካልተንቀሳቀሰ ከቆጣሪው ወዲህ የሚፈስ ነገር የለም፤ ለፍተሻ ገንዘብ አታውጡ። ከተንቀሳቀሰ ግን ዛሬ ነገ ሳትሉ ደውሉልን።

ሌላ ባለሙያ ለጠራችሁትም አንድ ቃል አለኝ። አልተቀየምኳችሁም። ይሁንና ጉድጓዱ ከመደፈኑ በፊት አንድ ነገር ለምኑልኝ፦ የተቆረጠ ቁራጭ ካለ ተቀበሉና ውስጡን እዩት። እኛም ከእንግዲህ ከግቢያችሁ ያወጣነውን ቧንቧ ይዘን አንሄድም፤ ቆርጠን በራችሁ ላይ እናስቀምጥላችኋለን። አራት ክላምፕ የታሰረበትን ያንን ቁራጭ ግን ባለቤቱን አስፈቅጄ ወስጄዋለሁ። ቢሮአችን ውስጥ ጠረጴዛዬ ላይ አለ። ውሳኔያችን አሁንም ያልተዋጠላችሁ ካላችሁ ኑና በእጃችሁ ያዙት፣ ወደ መስኮቱ አዙራችሁም ተመልከቱበት። ከዚያ በኋላ የምትሉኝን ሁሉ ቁጭ ብዬ እሰማለሁ።

ከአክብሮት ጋር፣
የድርጅቱ ባለቤትና የቧንቧ ባለሙያ