ለልጄ፦ ስለ ናጋኖው የአንድ ቀን ጉብኝት

ይድረስ ለምወድሽ ልጄ፣

ለጤናሽ እንደምን ሰንብተሻል? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። ከቶኪዮ ናጋኖ ደርሶ መልስ ስለሚያደርሱት ጉብኝቶች የላክሽልኝን ማስታወቂያዎች አየኋቸው። ሁሉም የለጠፉት ያንኑ ፎቶ ነው፦ አናቱ ላይ በረዶ ተከምሮበት፣ ዓይኑን ጨፍኖ ፍል ውሃ ውስጥ የተቀመጠ ዝንጀሮ። በፎቶው አትምረጪ። ዝንጀሮዎቹን ያለ አስጎብኚም ታይያቸዋለሽ፤ መንገዱ አንድ ነው፣ አያሳስትም። ለአስጎብኚ የሚከፈለው ገንዘብ የሚክሰው ዜንኮጂ ቤተ መቅደስ ውስጥና ምሳው ላይ ነው። ድርጅቶቹን የምትመዝኚው እነዚህን ሁለቱን እንዴት እንደያዟቸው አይተሽ ነው።

አስቀድመሽ ቀኑን ቁረጪ። በረዶው በደንብ የሚከመረው ጥር ውስጥና የካቲት መጀመሪያ ላይ ነው። በኅዳር ተራራው ላይ ገና የሚለቀም ፍሬ አለ፣ የመራቢያቸውም ወቅት ነው፤ ስለዚህ ዝንጀሮዎቹ ጭራሽ ሳይወርዱ የሚውሉበት ቀን ያጋጥማል። ፓርኩ አጥር የለውም፤ ማታ ማታ ወደ ጫካቸው ይሄዳሉ፣ ጠዋት የሚመለሱት ከፈለጉ ነው። በዚያ ላይ ኅዳር አጋማሽ ጾመ ነቢያት ይገባል፤ ምሳው ለጾመኛ ለምን እንደሚከብድ ከታች ታገኚዋለሽ። ከልደት በኋላ፣ ዓቢይ ጾም ሳይገባ ያለው ጊዜ ይሻልሻል። ረቡዕና ዓርብ ጾም ነው፣ ቅዳሜና እሑድ ደግሞ መንገዱ በሰው ይጨናነቃል፤ ማክሰኞ ወይም ሐሙስ አድርጊው። የነነዌን ሦስት ቀንና የቻይናውያንን አዲስ ዓመት ሳምንት ዝለያቸው።

ዋጋው አያታልልሽ። ብዙዎቹ የሚጽፉት ከናጋኖ ጣቢያ ጀምሮ ያለውን ብቻ ነው። ከቶኪዮ ናጋኖ ሺንካንሰን በሚባሉት ፈጣን ባቡሮች መሄጃው ብቻውን ከ8,000 የን ይበልጣል፣ መመለሻውም ያው ነው። ከእነሱ ፈጣኑ ካጋያኪ የሚባለው ነው፣ በ80 ደቂቃ ገደማ ያደርሳል፤ ወንበሩ ሁሉ ግን በቅድሚያ የሚያዝ ነው፣ ሳትይዢ ብትገቢ መቀመጫ የለሽም። አሳማ የሚባለው ብዙ ጣቢያ ላይ ስለሚቆም ይዘገያል፤ ያልተያዘ ወንበር ያላቸው ፉርጎዎች ግን አሉት። የፓርኩ መግቢያ፣ የቤተ መቅደሱ የውስጥ ክፍል ቲኬትና ምሳው ዋጋው ውስጥ መኖር አለመኖራቸውን በጽሑፍ ጠይቂ። እ.ኤ.አ. ከጥር 2018 ወዲህ ጃፓን ውስጥ ያለ መንግሥት ፈቃድም በክፍያ ማስጎብኘት ይቻላል። ፈተና አልፎ ፈቃድ የያዘ አስጎብኚ ግን አሁንም አለ፤ እንዳላቸው ጠይቂ። ጉርሻ እዚያ አገር አይለመድም፤ ብትሰጪ ታሳፍሪዋለሽ እንጂ አታስደስቺውም።

በቅደም ተከተሉ ላይ ትንሽ ልከራከርሽ። ብዙ ድርጅቶች ጠዋት ቤተ መቅደሱን፣ ከሰዓት ዝንጀሮዎቹን ያሳያሉ። ዜንኮጂ ለጣቢያው ቅርብ ስለሆነ ለእነሱ ይመቻቸዋል። በበረዶው ወራት ግን ፓርኩ 10 ሰዓት ላይ ይዘጋል። (ሰዓቱን በእኛ አቆጣጠር ነው የምጽፍልሽ፤ ቲኬትሽ ላይ 6 ጨምረሽ አንብቢው።) አውቶቡሱ በበረዶ ከዘገየ ወይም ከቡድኑ አንዱ ቀስ ብሎ የሚራመድ ከሆነ፣ የሚቀነሰው ከዝንጀሮዎቹ ሰዓት ነው፤ ከሰዓት በኋላ እነሱም ወደ ተራራው መውጣት ይጀምራሉ። እኔ የምመርጠው ተቃራኒውን ነው፦ 1 ሰዓት ላይ ከቶኪዮ ተነሥቶ፣ 4 ሰዓት ተኩል ገደማ ዝንጀሮዎቹ ጋ ደርሶ፣ 7 ሰዓት ላይ ኦቡሴ በምትባለው ከተማ ምሳ፣ ከ9 ሰዓት በፊት ዜንኮጂ። ቤተ መቅደሱም በበረዶው ወራት የውስጡን ክፍል በጊዜ ይዘጋል፤ ምሳው ላይ አንድ ሰዓት ቢባክን የምታጡት እሱን ነው። ምሳውን ወዲያው የሚያቀርብ ቤት በቅድሚያ የያዘ አስጎብኚ ከሌላው የሚለየው በዚህ ነው።

የዝንጀሮዎቹ ቦታ ጂጎኩዳኒ ይባላል፣ ከባሕር ወለል በላይ 850 ሜትር ላይ ያለ ጠባብ ሸለቆ ነው። መኪና እስከ በሩ አይደርስም። ከካንባያሺ መግቢያ 1.6 ኪሎ ሜትር በእግር ነው፤ በበረዶ ከ35 እስከ 40 ደቂቃ ይፈጃል። ዳገቱ ቀላል ነው፣ መጀመሪያውና መጨረሻው ላይ ብቻ ደረጃ አለ። የሚያስቸግረው የተረገጠው በረዶ ነው፤ ሌሊት መስተዋት ይሆናል። ሰው የሚወድቀው ሲወጣ ሳይሆን ሲመለስ ነው፣ ፀሐይ አቅልጣው እንደገና ሲጋገር። ከተማ ውስጥ የምታደርጊው ስኒከር አይሆንም። ጫማ ላይ የሚታሰር የብረት ጥርስ መንገዱ መጀመሪያ አካባቢ ይከራያል። ሻንጣ ናጋኖ ጣቢያ ካሉት ባለ ቁልፍ ሳጥኖች አንዱ ውስጥ ትተሽ ሂጂ፤ ጎማው በረዶ ላይ አይሄድም። ስልክሽን ከኮትሽ ውስጥ፣ ለገላሽ አስጠግተሽ ያዢው፤ ብርድ ባትሪውን ቶሎ ይጨርሰዋል።

ፓርኩ የተከፈተው እ.ኤ.አ. በ1964 ነው፣ አበበ ቢቂላ ቶኪዮ ላይ ሁለተኛውን ማራቶን ባሸነፈበት ዓመት። ከዚያ በፊት ጫካቸው ሲመነጠር ዝንጀሮዎቹ ወደ ገበሬው የፍራፍሬ ማሳ ወርደው ያጠፉ ነበር፤ ገበሬውም እንዲወገዱ ይጠይቅ ነበር። ሸለቆው ውስጥ እህል እየሰጡ ማቆየት መፍትሔ ሆኖ ተገኘ። ፍል ውሃውን ግን ማንም አላስተማራቸውም። እ.ኤ.አ. በ1963 አንዲት ወጣት ሴት ዝንጀሮ አጠገቡ ባለው የእንግዳ ማረፊያ የሰዎች መታጠቢያ ውስጥ ገባች፤ ሌሎቹ አይተው ተከተሏት። ከሰው ጋር አንድ ገንዳ መጋራቱ ለጤና ስለማይበጅ ለብቻቸው ተሠራላቸው።

ገንዳው ውስጥ ማን እንደሚቀመጥ ልብ ብለሽ ተመልከቺ፤ ብዙ ጎብኚ ፎቶ ሲያነሣ ይህ ያመልጠዋል። መንጋው በእናት የሚቆጠር ነው። ወንዶቹ ሲያድጉ ከተወለዱበት መንጋ ይወጣሉ፣ ሴቶቹ ይቀራሉ፣ የእናታቸውንም ደረጃ ይወርሳሉ። ከእህትማማቾች መካከል አብዛኛውን ጊዜ የምትበልጠው ታናሺቱ ናት፤ እናት ለታናሿ ስለምታግዝ ታላቂቱ እያደር ትለቅላታለች። እ.ኤ.አ. በ2018 የወጣ የኪዮቶ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች ጥናት 12 ሴት ዝንጀሮዎችን ተከታትሎ፣ በሚታጠቡበት ጊዜ በብርድ የሚመጣው የጭንቀት ሆርሞን እንደሚቀንስ፣ ውሃው ውስጥ ረዘም ብለው የሚቆዩትም ከፍተኛ ደረጃ ያላቸው ሴቶች መሆናቸውን አሳይቷል። ጠርዙ ላይ ቆማ የምትንቀጠቀጥ ካየሽ ውሃ ጠልታ ላይሆን ይችላል፤ ቦታው አልተለቀቀላትም ይሆናል።

የሰሜን ተራሮችን ጭላዳዎች የለመደ ሰው እዚህም አጠገባቸው ቁጭ ማለት ያምረዋል። አይደረግም። ዓይን ለዓይን መተያየት ለእነሱ ጠብ ነው። ካሜራ ፊታቸው ላይ መደቀንም እንደዚያው ነው። ምግብ ማሳየትም ሆነ መብላት ክልክል ነው፤ የሚንኮሻኮሽ ፌስታል ሲሰሙ ምግብ ነው ብለው ይነጥቃሉ። ቦርሳሽን ዚፑን ዘግተሽ በፊትሽ በኩል ያዢው። መንገድ ላይ ከተገናኛችሁ አትሩጪ፣ ጠርዙን ይዘሽ አሳልፊያቸው። አንድ ሰዓት ይበቃል። ጠዋት ከመነሣትሽ በፊት ፓርኩ በኢንተርኔት የሚያስተላልፈውን ካሜራ እይው፤ ዝንጀሮዎቹ ካልወረዱ ድርጅቱ ምን እንደሚያደርግ ከመክፈልሽ በፊት ጠይቂ።

ዜንኮጂ እንደ ትውፊቱ የተመሠረተው እ.ኤ.አ. በ642 ነው፤ አሁን የቆመው ዋና ሕንፃ የተሠራው በ1707 ነው። ከአንድ የቡድሂዝም ክፍል ወገን አይደለም፤ ሁለት ክፍሎች አብረው ያስተዳድሩታል። ሴቶች በብዙ ቤተ መቅደስ በማይገቡበት ዘመንም በሩ ለሴቶች ክፍት ነበር። ዋናው የቡድሃ ምስል እንደ ታቦታችን ተሸፍኖ ነው የሚኖረው፤ እሱን ግን ቀሳውስቱም አያዩትም። ለሕዝብ የሚታየው ቅጂው ነው፣ እሱም በየስድስት ዓመቱ ብቻ፤ ቀጣዩ እ.ኤ.አ. በ2027 ነው። ይህን የሚያብራራ ሰው ከሌለ የምታይው ትልቅ ጣሪያና የዕጣን ጢስ ብቻ ነው።

ከመሠዊያው ሥር የሚሄድ ድቅድቅ ጨለማ መተላለፊያ አለ፤ ኦካይዳን ይሉታል። እንደ እምነታቸው ጨለማው ውስጥ ያለውን ቁልፍ የነካ ከተሰወረው ቡድሃ ጋር ይገናኛል። ለአንቺ እንደ ጎብኚ ማለፍ ይበቃሻል፤ ማንም ስገጂ አይልሽም። ጫማሽን አውልቀሽ የሚሰጥሽ ከረጢት ውስጥ ትከቺዋለሽ። ደረጃውን ስትወርጂ ቀኝ እጅሽን በወገብሽ ቁመት ግድግዳው ላይ አድርጊና ሳታነሺ ሂጂ። ብዙ ሰው ቁልፉን የሚስተው እጁን ከፍ ስለሚያደርግ ወይም ጓንቱን ስላላወለቀ ነው። ሲነካ ይንኳኳል። ከፊትሽ ያለው ሰው ድንገት ስለሚቆም ግራ እጅሽን ወደ ፊት ዘርጊ። የስልክ መብራት ማብራት ነውር ነው፣ ሕንፃው ውስጥ ፎቶ ማንሣትም አይፈቀድም። ጠባብና ጨለማ ቦታ የሚያስጨንቅሽ ከሆነ ተዪው፤ መሐል ላይ መመለሻ የለውም።

አሁን ወደ ምግቡ። ሶባ ባክዊት ከሚባል ዘር ዱቄት የሚሠራ፣ እንደ ፓስታ ያለ ቀጭን ክር ነው፤ ባክዊት ስሙ እንጂ ስንዴ አይደለም። ጁዋሪ የሚባለው ንጹሕ ባክዊት ነው፣ ኒሃቺ የሚባለው ከአሥር እጅ ሁለቱ የስንዴ ዱቄት ነው። ሰውነታቸው የማይቀበለው ሰዎች አሉ፣ ሕመሙም ብርቱ ነው፤ ካሁን በፊት ካልበላሽ በትንሹ ጀምሪ። ቀዝቃዛውን ዛሩ ሶባ እዘዢ። ክሩን ማጣቀሻው ውስጥ ሙሉ በሙሉ አትንከሪው፣ ጫፉ ይበቃል፤ አለዚያ ጨው ጨው ይላል። ስትስቢው ድምፅ ማሰማት አያሳፍርም። በመጨረሻ ሶባው የተቀቀለበት ትኩስ ውሃ ይመጣል፤ የተረፈው ማጣቀሻ ላይ አፍስሰሽ ጠጪው።

ጾሙ የሚፈርሰው እዚህ ነው። ማጣቀሻው ዳሺ ከሚባል መረቅ ነው የሚሠራው፣ ዳሺ ደግሞ ብዙውን ጊዜ ከደረቀ ዓሣ ነው። የእንጉዳይ ሶባ ብለሽ ብታዢም መረቁ ያው ነው፤ ቴምፑራ የሚሉት፣ በሊጥ ነክረው የሚጠብሱት አትክልትም ሊጡ እንቁላል ሊኖርበት ይችላል። ሥጋ የለውም የሚል መልስ አይበቃሽም። አስጎብኚው ቦታ ሲያስይዝ «ሥጋ፣ ዓሣ፣ እንቁላል፣ ወተት፣ የዓሣ ዳሺ የሌለበት» ብሎ በጃፓንኛ እንዲጽፍልሽ አድርጊ። ቀላሉ መውጫ ዛሩ ሶባን በንጹሕ የአኩሪ አተር ሶስ መብላት ነው። ዜንኮጂ ዙሪያ ያሉት የእንግዳ ማረፊያዎች ደግሞ ሾጂን የሚባል የመነኮሳት ምግብ ያዘጋጃሉ፤ ሥጋ፣ ዓሣና እንቁላል የለበትም፣ መረቁም ከባሕር አረምና ከእንጉዳይ ነው። ቀድሞ ካልተያዘ ግን አይገኝም።

ኦያኪን እንዳትዘዪው፦ ውስጡ ኖዛዋና የሚባል ቅጠል፣ ዱባ ወይም ሚሶ በሚባል የአኩሪ አተር ድልህ የተለወሰ ደበርጃን ያለበት የተጋገረ ሊጥ ነው። ውስጡ ከላዩ ይልቅ ይፋጃል፣ ቆርሰሽ አብርጂው። ባሳሺ የሚባለውን ደግሞ ከቁርጥ ጋር እንዳታምታቺው። ቀይ፣ ስስ፣ የሚያምር ጥሬ ሥጋ ነው፤ የፈረስ ነው። ለአካባቢው የክብር ምግብ ስለሆነ ከተዘጋጀው ገበታ ጋር ሳይታዘዝ ሊመጣ ይችላል፤ በስኳርና በሶስ የተቀቀለ ፌንጣም እንዲሁ። ሳታስቀይሚ እምቢ ማለት ይቻላል። ኦቡሴ ቼስትነት በሚባል ባለ ቅርፊት ፍሬዋ የታወቀች ናት፤ ፍሬው የተቀላቀለበት ሩዝ ሞክሪ። ሳኬ የሚባለውን የሩዝ መጠጥ (አልኮል ነው) የሚያቀምሱ ድርጅቶች አሉ፤ ካልፈለግሽ በምን እንደሚተኩልሽ ጠይቂ።

የመመለሻ ባቡርሽን ከ12 ሰዓት ተኩል በፊት አትያዢው፤ ከተራራው የሚወርደው መንገድ በበረዶ ቀን ይዘገያል። ድርጅቱ መልስ ሲሰጥሽ የምሳውን ዝርዝር ላኪልኝ፣ አብረን እናየዋለን።

እናትሽ