ከጠረጴዛው ራስ የተቀመጠው ሰው

ለጋዜጣው የዝግጅት ክፍል፣

በቅርቡ በጥበብ ገጻችሁ ላይ ስለ 1950ዎቹና 1960ዎቹ የአሜሪካ ፊልሞች የወጣውን ጽሑፍ በደስታ ነው ያነበብኩት። ጸሐፊው ለዘመኑ ሥራዎች ያላቸው ፍቅር ከየአንቀጹ ይታያል። ቅር ያሰኘኝ አብሮ የታተመው የፎቶግራፍ መግለጫ ነው። ፎቶግራፉ ሲድኒ ሉሜት በ1957 (ዓመታቱን ሁሉ የምጠቅሰው በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው) ካዘጋጀው «አሥራ ሁለት የተቆጡ ሰዎች» ከተሰኘው ፊልም የተወሰደ ሲሆን፣ ከሥሩ «ሄንሪ ፎንዳና ሌሎች ተዋንያን» ተብሎ ተጽፏል። ከጠረጴዛው ራስ የተቀመጠው ሰው ማርቲን ባልሳም ነው። የዚህን ተዋናይ ሥራ ለብዙ ዓመታት በአክብሮት ስከታተል የኖርኩ በመሆኔ፣ «ሌሎች» በሚለው ቃል ተጠቅልሎ ሲታለፍ ዝም ማለት አልቻልኩም።

ባልሳም በዚያ ፊልም የጁሪው፣ ማለትም ተከሳሹ ጥፋተኛ መሆን አለመሆኑን ተከራክረው እንዲወስኑ ፍርድ ቤት የመረጣቸው ተራ ዜጎች፣ ሰብሳቢ ሆኖ ይጫወታል። የክርክሩ እሳት ያለው በፎንዳና በሊ ጄ. ኮብ ዘንድ ነው፤ ለሰብሳቢው የቀረለት ድምፅ መቁጠርና ተናጋሪዎችን ተራ ማስያዝ ነው። ይሁን እንጂ ከአባላቱ አንዱ ሥርዓት ለማስያዝ መሞከሩን እንደ ልጅ ጨዋታ ሲያጣጥልበት ባልሳም የሚያደርገውን ልብ ብሎ መመልከት ይገባል። ከወንበሩ ብድግ ይልና ቦታውን ለሰውየው ይለቅለታል፤ ኃላፊነቱን አንተው ተረከበው ይለዋል። በድምፁ ውስጥ ያለው ከቁጣ ይልቅ መከፋት ነው፤ የተሰጠችውን ትንሽ ሹመት ከልቡ የያዘ፣ ሲናቅባት ደግሞ ፊቱን የሚያደርግበት ያጣ ሰው መከፋት። ኋላም ዝናቡ መውረድ ሲጀምር ከፎንዳ ጋር መስኮቱ አጠገብ ቆሞ፣ የአንድ ትምህርት ቤት የአሜሪካ ፉትቦል ቡድን ምክትል አሠልጣኝ መሆኑን ይነግረዋል፤ ዝናብ ያበላሸበትን አንድ ጨዋታ ያነሳና ያን ቀን ሊያለቅስ ጥቂት ቀርቶት እንደነበር ያወጋዋል። ወጉ ለክርክሩ የሚጨምረው አንዳች ነገር የለም። እኛ ግን በጥቂት ዓረፍተ ነገሮች የአንድን ሰው ኑሮ አውቀን እንወጣለን።

ተዋናዩ በ1919 ኒው ዮርክ፣ ብሮንክስ ውስጥ ከአይሁድ ቤተሰብ የተወለደ ሲሆን፣ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት በአየር ኃይሉ ካገለገለ በኋላ አክተርስ ስቱዲዮ ገብቶ ሙያውን ተምሯል። ቴሌቪዥን ድራማን በቀጥታ ከስቱዲዮ በሚያስተላልፍበት ዘመን በኒው ዮርክ ብዙ ሠርቷል። በቀጥታ ስርጭት ቃሉን የሳተ ተዋናይ እንደገና መጀመር አይችልምና፣ አብሮት የሚጫወተውን ሰው በዓይንም በጆሮም ተጠንቅቆ መከታተል ግድ ይለዋል። ባልሳም በፊልም ላይ ሌላው ሲናገር የሚያዳምጥበትን መንገድ ባየሁ ቁጥር ያ ልምድ ትዝ ይለኛል።

ይህ ማዳመጥ ከሁሉ ይልቅ ጎልቶ የሚታየው በአልፍሬድ ሂችኮክ «ሳይኮ» (1960) ላይ ነው። የግል መርማሪው አርቦጋስት ወደ ሞቴሉ መጥቶ የሞቴሉን ኃላፊ የሚጫወተውን አንቶኒ ፐርኪንስን ሲጠይቅ ሰላምተኛና ተጫዋች ነው፤ ጥያቄና መልሱ እየተደራረቡ ይሄዳሉ። ፐርኪንስ የሚበላውን ከረሜላ እያኘከ የእንግዶቹ መዝገብ ላይ ያጎነብሳል፣ ቃላት ይተናነቁታል። የባልሳም ፈገግታ ግን ሳይለወጥ፣ ነገሩ እንደገባው ዓይኑ ብቻ ይናገራል። የፐርኪንስን ፍርሃት ያን ያህል የምናየው ከፊቱ የቆመው ሰው ስለማይቸኩል ነው። ከዚያ በኋላ መርማሪው ደረጃውን የሚወጣበትን ትዕይንት፣ ሂችኮክ ታሞ በቀረበት ቀን ረዳቶቹ የእጁንና የእግሩን ምስል በቅርበት እየቆራረጡ ቀርጸውት ነበር። ሂችኮክ ሲያየው ሰውየው ለክፋት የሚወጣ መስሎ ስለታየው ትዕይንቱን እንደገና ሠራው፤ የፈለገው አንድ ንጹሕ ሰው ደረጃ ሲወጣ እንዲታይ ብቻ ነበር። ለዚህም የባልሳም ተራ፣ የምናውቀውን ጎረቤት የሚመስል ፊት ይበቃ ነበር ብዬ አምናለሁ።

ያው ተራነት ዋጋ ያስከፈለውም ጊዜ አለ። ለስታንሊ ኩብሪክ «2001፦ ኤ ስፔስ ኦዲሲ» የኮምፒውተሩን የሃልን ድምፅ አስቀድሞ የቀረጸው እሱ ነበር፤ ኩብሪክ ግን የአሜሪካዊ የዕለት ንግግር ቃና በዛበት በማለት በካናዳዊው ዳግላስ ሬን ተካው።

በ1965 «ኤ ታውዘንድ ክላውንስ» ላይ ጄሰን ሮባርድስ ሥራውን ጥሎ እንደ ልቡ የሚኖር ሰው ሲሆን፣ ባልሳም ደግሞ ወንድሙም ወኪሉም ነው። የፊልሙ ልብ ከሮባርድስ ጋር ሆኖ ሳለ ባልሳም ይነሣና፣ ዓለምን እንዳለች ተቀብሎ ሥራውን እየሠራ የሚኖረውን ሰው ኑሮ ያለ አንዳች እፍረት ይሟገትለታል። በዚህ ሚናው ኦስካር ተሸለመ። ሽልማቱ «ረዳት ተዋናይ» ብሎ ይጠራዋል፤ እኔ ግን በዚያ ትዕይንት ማን ማንን እንደረዳ ለመናገር ይቸግረኛል።

ከዚያ ወዲህ በ1968 የመድረክ ሽልማት የሆነውን ቶኒን ወስዷል፤ ወደ ጣሊያን እየተመላለሰ ፊልም ሠርቷል፤ ከ1979 እስከ 1981 ደግሞ «አርቺ ባንከርስ ፕሌስ» በተባለው ተከታታይ የቴሌቪዥን ድራማ ከካሮል ኦኮነር ጋር ተጫውቷል። በ1962 «ኬፕ ፊር» ላይ የፖሊስ አዛዥ ነበር፤ ማርቲን ስኮርሴዚ ፊልሙን በ1991 እንደገና ሲሠራው ዳኛ ሆኖ ተመለሰበት። በ1996 በሰባ ስድስት ዓመቱ ሮም ውስጥ አርፏል።

ጸሐፊው በዚሁ ዘመን ፊልሞች ላይ እንደሚቀጥሉበት ጽፈዋልና፣ በተከታዮቹ ጽሑፎች ከዳይሬክተሩና ከመሪ ተዋናዩ ቀጥሎ የሚመጡትንም በስማቸው እንዲጠሯቸው እለምናለሁ። ለአሁኑ ግን በሚቀጥለው እትም እርማት ቢወጣልኝ ይበቃኛል፤ ፎቶግራፉ ላይ ከጠረጴዛው ራስ የተቀመጠው ማርቲን ባልሳም ነው።

ከአክብሮት ጋር፣
የጋዜጣው አንባቢ