ፏፏቴው ያለበትን ቀን ንገሩን

ይድረስ ለጋዜጣው አዘጋጅ፣

ባሕር ዳር ፎቶ ቤት አለኝ። ሠርግ አነሣለሁ። ባለፈው ጥር ሙሽሮች ይዤ ጢስ ዓባይ ሄድኩ። ሠላሳ ኪሎ ሜትር ገደማ አቧራ ጠጣን። ሚዜዎቹ የቬሎውን ጫፍ እንደ ሕፃን ታቅፈው ዳገቱን ወጡ። ስንደርስ ጥቁር ገደልና እንደ ክር የቀጠነ ውሃ ጠበቀን። ሙሽራዋ ዞር ብላ "ጋሼ፣ ፏፏቴው የት ጋ ነው?" አለችኝ።

ጥፋቱ የእኔም ነው። ናሙና አልበሜ ላይ ያሳየኋት ፎቶ በጳጉሜን የተነሣ ነው። መውጫ ሲጠፋኝ አሮጌው የድንጋይ ድልድይ ላይ አነሣኋቸውና የሒሳቡን ግማሽ መለስኩ።

ፎቶ ቤቴ ያለ መብራት አትሠራም፤ ማመንጫ ብረግም ግፍ ነው። በ1956 ሥራ የጀመረው የመጀመሪያው ጣቢያ 11 ሜጋ ዋት ገደማ ነው፤ ለወንዙ ምኑም አልነበረም። በ1993 73 ሜጋ ዋቱ ሁለተኛው መጣ። ውሃውን ከፏፏቴው በላይ ጠልፎ በቦይ ይወስድና ከገደሉ በታች ይመልሰዋል። ያኔ ጢሱ ሳሳ። በ2002 ደግሞ 460 ሜጋ ዋቱ የጣና በለስ ተመረቀ። እሱ ከሐይቁ በምዕራብ በኩል፣ 12 ኪሎ ሜትር በሚጠጋ ዋሻ፣ ወደ በለስ ወንዝ ነው የሚወስደው። ያ ውሃ በጢስ ዓባይ ጭራሽ አያልፍም። በበጋ ለፏፏቴው የሚተርፈው ዓባይ ከጣና በሚወጣበት በጨረጨራ ግድብ ላይ በሩ የተከፈተውን ያህል ነው፤ እሱንም ቦዩ ይሻማዋል።

ታዲያ በሩን የሚከፍቱት ሰዎች የለቀቁትን ያውቃሉ አይደል? መናኸሪያው ላይ አንድ ወረቀት መለጠፍ ምን ይከብዳል? "ዛሬ ቀጭን ነው" ከተባለ እኔም ሙሽሮቼን ጣና ላይ ጀልባ አሳፍራለሁ። የድሮው አንድ ብር ላይ ያየውን ፏፏቴ ፍለጋ ከአዲስ አበባ የሚመጣውም እንግዳ አይቃጠልም።

በጥርና በሚያዝያ፣ የሠርግ ወር ነውና፣ እሑድ ጥቂት ሰዓት ወደ ገደሉ ቢለቁልን ደግሞ እሰየው። ውሃው እንደሆነ ባክኖ አይቀርም። ታች ሕዳሴ ግድብ 5,150 ሜጋ ዋቱን ይዞ ይጠብቀዋል።

የሚለጥፍ ሰው ከጠፋ እኔ መስታወቴ ላይ እለጥፋለሁ። ጠዋት አንድ ስልክ ይደወልልኝ እንጂ።

ፎቶ አንሺው፣ ከባሕር ዳር