«ከአዲስ አበባ ውጪ ተመልካች የለውም» ላላችሁት

ለዝግጅት ክፍሉ፣

ስለ ሰዓሊ ተስፋዬ ኡርጌሳ ያወጣችሁትን ዘገባ ሀዋሳ ሆኜ አነበብኩት። ስለሱ መጻፋችሁ ጥሩ ነው፣ እንደውም ዘግይታችኋል። ግን መሃል ላይ «እንዲህ ዓይነቱ ሥዕል ከአዲስ አበባ ውጪ ተመልካች የለውም» ብላችሁ ያለፋችሁት ነገር አለ አይደል፣ እሱን ከየት አመጣችሁት? ማንን ጠይቃችሁ? በዘገባው ውስጥ የተጠየቀ አንድም የክፍለ ሀገር ሰው የለም፣ ሳይጠይቁ «የለም» ማለት ደሞ ዘገባ አይባልም።

እኔ ሀዋሳ ውስጥ የማስታወቂያ ሰሌዳ እየጻፍኩ የምኖር፣ ቅዳሜ ቅዳሜ ልጆች ሥዕል የማስተምር ሰው ነኝ። ልጆቹ የተስፋዬን ሥራ የሚያዩት በስልክ ነው፣ ሌላ ምን አላቸው። አንዷ ተማሪዬ እነዛን እርስ በርስ የተጠላለፉ ሰውነቶች በጣቷ እያሰፋች የትኛው እጅ የማን እንደሆነ ስትፈልግ ቆየችና «ቲቸር፣ ይሄኛው እጅ ባለቤት የለውም» አለችኝ፣ ትልልቆቹን ዓይኖች ስታይ ደግሞ ገብርኤል ቤተክርስቲያን ያየቻቸውን ሥዕሎች አስታወሷት። እንግዲህ ተመልካች አይደለችም የተባለችው እሷ ናት።

ጉዳዩንስ አስባችሁታል? በፈረንጆቹ 2024 ኢትዮጵያ ጣሊያን አገር በሚካሄደው ዓለም አቀፍ የሥነ ጥበብ ትርኢት፣ ቬኒስ ቢየናሌ ላይ ለመጀመሪያ ጊዜ የራሷን ፓቪሊዮን (የአገር ማሳያ) ስትከፍት የተስፋዬ ኤግዚቢሽን ስለ ጭፍን ፍረጃና ስለ ወገንነት ነበር። ያሰናዳው «ለምን ሲሳይ» የሚባለው ገጣሚ ከኢትዮጵያዊት እናቱ እንግሊዝ ተወልዶ፣ ከሷ ተነጥሎ በማደጎ ያደገ ሰው ነው። ተስፋዬ ራሱ አዲስ አበባ አለ ፈለገ ሰላም የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት ተምሮ፣ ሽቱትጋርት ቀጥሎ፣ ጀርመን ብዙ ዓመት ኖሮ በ2022 ነው አዲስ አበባ የተመለሰው። የማን ነኝ፣ የት ነው ቤቴ የሚል ሥራ ነው። ይሄን ጥያቄ ለመረዳት ቦሌ መኖር ያስፈልጋል?

ሀዋሳ የደቡብ ክልል መቀመጫ ነበረች፣ በኛ 2012 ሲዳማ ክልል ሲሆን የመሥሪያ ቤቱ ሰሌዳ ሁሉ ተቀየረ። ካደስኳቸው አንዳንዶቹ ላይ የድሮው ፊደል በአዲሱ ቀለም ስር ዛሬም አብጦ ይታያል፣ ፀሐይ በጎን ስትመታው ማንበብ ይቻላል። በየመንገዱ «ሀገርህ የት ነው» እየተባለ ያደገ ልጅ እዚህ ስንት አለ። እኛ ይሄን ጉዳይ በካታሎግ አይደለም የምናውቀው፣ እየኖርነው ነው፣ እናንተ ግን ስለ ወገንነት በጻፋችሁት ዘገባ እኛን ከወገን አወጣችሁን!

የሚያናድደኝ ሌላም አለ። እኔና ጓደኞቼ አቡጀዲ ወጥረን፣ ኮላና ነጭ ቀለም ቀብተን፣ አክሪሊክ ቀለሙን ከአዲስ አበባ በአውቶብስ አስልከን ሐይቅ ዳር ኤግዚቢሽን አዘጋጅተን ነበር፣ ጋዜጠኛ ጠራን፣ ካሜራም መጣ። ባለሥልጣኑ ሪባን ሲቆርጡ ቀረጸና ሥዕሎቹ ጋ ሳይደርስ ሄደ። ዜናው ላይ የክቡር እንግዳው ስም አለ፣ የአንድም ሰዓሊ ስም የለም። እና እናንተ ካሜራውን መልሳችሁ ትሄዱና ተመልካች የለም ትላላችሁ? ሕዝቡ እኮ እስኪመሽ ሲያይ ነበር፣ አሳ የሚሸጡት ልጆች ሳይቀሩ ከአሳ ገበያው ከአሞራ ገደል መጥተው ሥዕሉ ፊት ቆመው ሲከራከሩ ነበር።

ያቺን ዓረፍተ ነገር አስተካክሉልን፣ ማስተካከያውም ዘገባው በወጣበት ቦታ ይውጣ፣ ጥግ ላይ አይደለም። ዘጋቢው ማየት ከፈለገ ቅዳሜ ጠዋት ልጆቹ አሉ፣ ስልኬን ለዝግጅት ክፍሉ ለብቻው ልኬያለሁ።

ከሀዋሳ