ስለ ታናሽ እህቴ ዝላይ ለአባቴ የተጻፈ ደብዳቤ

ይድረስ ለውድ አባቴ፣ አጋሮ

ለጤናዎ እንደምን ሰነበቱ? እኛ እዚህ ጅማ ፈጣሪ ይመስገን ደህና ነን።

እህቴ ስሉስ ዝላዩን፣ ማለትም ተንደርድሮ ሦስት ጊዜ በተከታታይ መዝለሉን፣ ትታ ትምህርቷን ብቻ ትያዝ፣ ካልሆነም እንደ አገሯ ልጆች ትሩጥ ሲሉ የላኩት መልእክት ደርሶኛል። ቁርጡን ከመናገርዎ በፊት ግን የዚህን ስፖርት የሴቶች የዓለም ክብረ ወሰን ስለያዘችው ቬንዙዌላዊት፣ ስለ ዩሊማር ሮጃስ፣ ጥቂት እንዳጫውትዎ ይፍቀዱልኝ።

ሮጃስ በልጅነቷ የምትወደው መረብ ኳስ ነበር፤ አትሌቲክስ ከገባችም በኋላ የከፍታ ዝላይ ተወዳዳሪ ነበረች። ወደ ስሉስ ዝላይ ዞራ እ.ኤ.አ. በ2016 ሪዮ ላይ የኦሊምፒክ ብር አገኘች። በ2021 ደግሞ በቶኪዮ ኦሊምፒክ በመጨረሻ ሙከራዋ 15.67 ሜትር ዘልላ፣ ዩክሬናዊቷ ኢኔሳ ክራቬትስ በ1995 ያስመዘገበችውን 15.50 ሜትር አሻሻለች፤ ያ ክብረ ወሰን ሮጃስ ከመወለዷ ሁለት ወር ገደማ ቀድሞ የተመዘገበ ነበር። ለአገሯ የኦሊምፒክ ወርቅ ያመጣች የመጀመሪያዋ ሴትም ሆነች። በዓመቱ ቤልግሬድ ላይ 15.74 ሜትር ዘለለች፤ በእርስዎ ልኬት 31 ክንድ ያልፋል። ከሁሉ የሚገርመኝ ግን የ2023ቱ የቡዳፔስት የዓለም ሻምፒዮና ነው፦ እስከ መጨረሻው ሙከራ ከሜዳሊያ ውጪ ቆይታ፣ በዚያው ሙከራ 15.08 ሜትር ዘልላ ወርቁን ወሰደች።

«እግሯን ትሰበራለች» ያሉት ስጋት ከንቱ አይደለም። ዘላይዋ ተንደርድራ መነሻውን ጣውላ በረገጠችበት እግር መልሳ ታርፋለች፣ ቀጥሎ በሌላኛው እግር፣ ከዚያ አሸዋው ላይ ትወድቃለች፤ በየመሀሉ ከሰውነቷ ክብደት ብዙ እጥፍ የሚሆን ኃይል አንድ እግር ላይ ያርፋል። ሮጃስም በ2024 የተረከዝ ጅማቷ ተጎድቶ የፓሪስ ኦሊምፒክ አምልጧታል። ይህን የምጽፍልዎ ከሌላ ሰው እንዳይሰሙት ብዬ ነው። በ2025 ግን ተመልሳ በዓለም ሻምፒዮና በ14.76 ሜትር ነሐስ አግኝታለች።

ሩጫውን እህቴ ሞክራዋለች፤ ረጅም ርቀት የሚጠይቀው ትንፋሽ የላትም፣ ያላት የሚፈናጠር እግር ነው። የእኛ ሰው ስፖርት ሲባል አሥር ሺህ ሜትርና ማራቶን ብቻ ይታየዋል፤ በዚህ እኔ አልስማማም። የጅማ ዝናብ ሲጥል አሸዋው ይጠጥራልና መጀመሪያ በአካፋ ገልብጠን፣ ድንጋዩን ለቅመን፣ ከዚያ ነው የምትዘልለው። ሁለተኛዋ እርምጃ ገና ታጥርባታለች፤ መምህሯም አሁን የሚያሠራት ይህንኑ ነው። በደረቅ መሬት ላይ እንዳትዘልል፣ ካመማትም ዕለቱን እንድታቆም እኔ ራሴ እቆጣጠራለሁ። ትምህርቷም አልተጓደለም፤ ውጤቷን ከዚህ ደብዳቤ ጋር ልኬልዎታለሁ።

ለሚመጣው የተማሪዎች ውድድር ስሟን የማስመዘግበው እርስዎ ሲፈቅዱ ብቻ ነው፤ ስለዚህ የቡናው ለቀማ ሳይጀመር በስልክም ቢሆን ቃልዎን ያሰሙኝ። ለእናታችን ሰላምታዬን ያድርሱልኝ።

አክባሪ ልጅዎ
ጅማ