ዘፋኙን ብቻ ሳይሆን ኦርኬስትራውን የመራውንም ጻፉልን

ይድረስ ለአዘጋጆቹ፣

ሰላም ለእናንተ ይሁን። የአውሮፓ አገሮች በየዓመቱ ስለሚወዳደሩበት ስለ ዩሮቪዥን የዘፈን ውድድር ታሪክ ያወጣችሁትን አነበብኩት፣ ደስ ይላል፣ ግን አንድ ነገር ከነከነኝ። ሆላንድ በ1957 እና በ1959 ማሸነፏን ጽፋችኋል (ዓመቶቹን እኔም በፈረንጆቹ ነው የምጽፈው)፣ የዘፋኞቹ የኮሪ ብሮከንና የቴዲ ስኮልተን ስም አለ፣ ሁለቱም ሲያሸንፉ ኦርኬስትራውን የመራው ሰውዬ ግን አንድ መስመር እንኳን አልደረሰውም። ዶልፍ ቫን ደር ሊንደን ይባላል።

በ1915 ፍላርዲንገን የምትባል ከተማ ነው የተወለደው። ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ባለቀበት በ1945 ሂልቨርሰም ላይ፣ የሆላንድ ሬዲዮዎች መናኸሪያ ማለት ናት፣ ሜትሮፖል ኦርኬስትራ ሲቋቋም መሪው እሱ ሆነና እስከ 1980 ድረስ መራው፣ 35 ዓመት እኮ ነው! ኦርኬስትራው ደሞ ተራ ኦርኬስትራ አይደለም፣ ትራምፔቱ ትሮምቦኑ ሳክስፎኑ ከነድራሙ ሙሉ ቢግ ባንድ (ትልቅ የጃዝ ባንድ) አለ፣ እሱ ላይ የክላሲካል ቫዮሊኖችና ቼሎዎች ተጨምረውበታል። ይሄ ሲያወሩት ቀላል ነው፣ ግን ትራምፔቱ ትንሽ ከበረታ ቫዮሊኑን ይውጠዋል፣ የጃዝ ተጫዋችና የክላሲካል ተጫዋች ሪትም የሚይዙበት መንገድም ለየቅል ነው፣ እነዚህን አስማምቶ ማይክሮፎን ፊት አንድ ድምፅ ማድረግ በጣም ከባድ ስራ ነው። ቀለል ያለ ሙዚቃ ስለተባለ ስራው ቀላል የሚመስለው ሰው ብዙ ነው፣ እኔ በፍፁም አልስማማም። ዜማም ይደርስ ነበር፣ ያቀናብርም ነበር፣ ለማጀቢያ የሚሆኑ አጫጭር ሙዚቃዎችን ሲጽፍ ደሞ በብዕር ስም ጭምር ስለሆነ ሰው ስራውን እየሰማ ማን እንደሰራው አያውቅም።

ያኔ ዩሮቪዥን ላይ ኦርኬስትራው የሚጫወተው ላይቭ ነበር። ኦርኬስትራውን የሚያቀርበው አዘጋጁ አገር ሆኖ ሌላው አገር የራሱን መሪ ይዞ መምጣት ይችል ነበር፣ ስለዚህ ቫን ደር ሊንደን 1957 ፍራንክፈርት ላይ የራሱ ያልሆኑ ሙዚቀኞች ፊት ቆሞ ነው ያንን የኮሪ ብሮከንን ዘፈን ያስጫወተው። በ1958 ውድድሩ ራሱ ሂልቨርሰም መጣና የሙዚቃው ኃላፊነት በሙሉ እሱ ላይ ወደቀ፣ 10 አገር ነው የተወዳደረው፣ መጀመሪያ የዘፈነው የጣልያኑ ዶሜኒኮ ሞዱኞ ስርጭቱ ለአንዳንድ አገሮች በደንብ ስላልደረሰ ሁሉም ከጨረሱ በኋላ እንደገና እንዲዘፍን ተደረገ። እስቲ አስቡት፣ ሚሊዮኖች በቀጥታ እያዩ ማታውን ሙሉ ሲጫወት የቆየ ኦርኬስትራ አልቋል ብሎ ሲያስብ ወደ መጀመሪያው ኖታ ተመለስ ሲባል። በ1970 አምስተርዳም ሲያዘጋጅም የሙዚቃ ኃላፊው እሱ ነበር።

ያረፈው በ1999 ነው፣ በዚያው ዓመት ዩሮቪዥን ለመጀመሪያ ጊዜ ያለ ኦርኬስትራ ተካሄደ። አሁን የሚያየው ወጣት መሪና አቀናባሪ የሚባል ሰው እዛ መድረክ ላይ እንደነበረ በምን ያውቃል፣ እናንተ ካልጻፋችሁለት?

ስለዚህ ልመናዬ፣ በሚቀጥለው እትም ሁለቱ ድሎች ላይ ስሙን ጨምሩልኝ፣ ከዚህ በኋላም ዘፋኝ ስትጠቅሱ ያቀናበረውንና የመራውን አብራችሁ ጻፉ። ቦታ ከተረፋችሁ ደሞ ሜትሮፖልን ከእሱ ስለተረከበው ስለ ሮሂር ቫን ኦተርሎ ብታወጡ ደስ ይለኛል፣ የፊልም ሙዚቃዎቹ ብቻ አንድ ገጽ ይሞላሉ።

አክባሪያችሁ፣ የዘወትር አንባቢያችሁ